ጂ ፕላስ 255፦ ስለ ባይነሪ ለጠየቃችሁን

ባለፈው እትም «ኮምፒውተር የሚያውቀው 0 እና 1ን ብቻ ነው» ብዬ በአንድ መስመር አልፌ ነበር። (ባይነሪ የሚባለው ይሄው በ0 እና በ1 ብቻ የመጻፍ ዘዴ ነው።) መዘዙ አሁን መጣ። «እሺ፣ በ0 እና በ1 ብቻ ይሄ ሁሉ ነገር እንዴት ይጻፋል?» የሚል ጥያቄ ከአራት ኪሎም፣ ከፒያሳም፣ ከሜክሲኮም ጎረፈ። አምስቱን መርጫለሁ። እውነቱን ለመናገር የመጀመሪያውን በደንብ የተረዳ ሰው የቀሩትን ራሱ መመለስ ይችላል፤ ግን ጠያቂዎቹ እንዳይቀየሙኝ ሁሉንም እሞክራለሁ።

ጥያቄ፦ «ፈተና ላይ ‹በ8 ቢት ስንት የተለያየ ኮድ ይሠራል?› የሚል መጣ። 8 ቦታ አለ፣ እያንዳንዱ ቦታ 2 ምርጫ አለው፣ ስለዚህ 8 ጊዜ 2 ብዬ 16 ጻፍኩ። ኤክስ ሆነብኝ። መልሱ 256 ነው ተባለ፣ ፎርሙላው ሰሌዳ ላይ ተጻፈ፣ ከዚያ ወደሚቀጥለው ታለፈ። ፎርሙላውን ሸምድጄዋለሁ፣ ግን ለምን እንደዚያ እንደሆነ አሁንም አልገባኝም። ጓደኛዬ ደግሞ ‹256 ሳይሆን 255 ነው› እያለ ያደርቀኛል።»
የአንደኛ ዓመት ተማሪ፣ ከአራት ኪሎ

መልስ፦ ወንድሜ፣ 16 ማለትህ የሚያሳፍር ነገር አይደለም። 16 ትክክለኛ መልስ ነው፣ የሌላ ጥያቄ መልስ ሆኖብህ ነው እንጂ። ግድግዳ ላይ 8 ማብሪያ ማጥፊያ ቢኖርና በእያንዳንዱ ላይ «ማብሪያ»፣ «ማጥፊያ» የሚሉ ሁለት ወረቀቶች ለጥፍ ብትባል 16 ወረቀት ትፈልጋለህ። ፈተናው የጠየቀህ ግን ወረቀቱን አይደለም። ግድግዳው በጠቅላላው ስንት ዓይነት መልክ ሊኖረው ይችላል ነው ያለህ።

ቢት ማለት 0 ወይም 1 የሚቀመጥበት አንድ ቦታ ነው፣ እንደ አምፖል ቁጠረው፦ ሲጠፋ 0፣ ሲበራ 1። በአንድ አምፖል እንጀምር። ወይ በርቷል ወይ ጠፍቷል። 2 መልክ። (መብራት የሄደ ቀን የራሱ ጉዳይ ነው፣ እሱን አንቆጥርም።) አሁን ሁለተኛ አምፖል አስገባ። ሁለተኛው አምፖል የመጀመሪያውን አይነካውም፣ ቅድም የነበረው ሁሉ እንዳለ አለ። ነገር ግን ያ ሁሉ ነገር አሁን ሁለት ጊዜ ይሆናል፣ አንዴ አዲሱ ጠፍቶ፣ አንዴ አዲሱ በርቶ። 00፣ 01፣ 10፣ 11። አራት ሆነ።

ሦስተኛውን ስትጨምር አታስብ፣ ዝም ብለህ ገልብጥ። አራቱን ወረቀት ላይ ጻፍና ከሁሉም ፊት 0 አድርግ፦ 000፣ 001፣ 010፣ 011። እነዚያኑ አራቱን እንደገና ጻፍና አሁን ፊታቸው 1 አድርግ፦ 100፣ 101፣ 110፣ 111። ስምንት። የተደገመ ይኖር ይሆን? አይኖርም፣ ምክንያቱም የመጀመሪያዎቹ አራት በ0 ይጀምራሉ፣ የኋለኞቹ በ1። የተረሳስ? እሱም የለም፣ ማንኛውም ባለ ሦስት ቦታ ኮድ ወይ በ0 ወይ በ1 መጀመሩ ነው፣ ከዚያ በኋላ ያሉት ሁለት ቦታዎች ደግሞ ቅድም ከጻፍናቸው ከአራቱ አንዱ ከመሆን አያልፉም።

በቃ ይሄው ነው። አንድ ቦታ በጨመርክ ቁጥር የነበረህ ዝርዝር በሙሉ ይደገማል። አንድ ሁለት ነገር ቢጨመርበት ኖሮ ትደምር ነበር፤ ሁሉም ስለሚደገም ግን በ2 ታባዛለህ። 2፣ 4፣ 8፣ 16፣ 32፣ 64፣ 128፣ 256። ስምንት ጊዜ እጥፍ። ትምህርት ቤት እያለን «የሁለት ርቢ» ነበር የምንለው፣ ካምፓስ ሲገባ «ፓወር» ይሆናል፣ ነገሩ ያው ነው፦ 2⁸። የአንተ 16 ደግሞ በ4 ቢት ብቻ ነው የሚሞላው።

ፈተና ላይ ካልኩሌተር ከሌለህ አንዲት ቁጥር ያዝ፦ 2¹⁰ = 1,024። ከሺ በ24 ብቻ ትበልጣለች። ስለዚህ አሥር ቢት በጨመርክ ቁጥር በሺ ያባዛህ ያህል ነው። 20 ቢት ሚሊዮን አካባቢ ነው፣ ልኩን ካልክ 1,048,576። 30 ቢት ቢሊዮን አካባቢ። 16 ቢት ከተጠየቅክ ደግሞ 1,024ን በ64 አባዛ፣ 65,536 ታገኛለህ።

አሁን ወደ ጓደኛህ። እሱም ሙሉ በሙሉ አልተሳሳተም፣ ግን የመጨረሻውን ቁጥር ከብዛቱ ጋር አምታቶታል። ሁለታችሁም ሰፈራችሁ ያለ ጂ ፕላስ 4 ሕንፃ ሥር ሄዳችሁ ቁሙና ፎቆቹን ቁጠሩ። ሊፍቱ ላይ ትልቁ ቁጥር 4 ነው፣ ሕንፃው ግን አምስት ወለል አለው፣ ምድር ቤቱ ዜሮ ተብሎ ስለተቆጠረ። 8 ቢትም ጂ ፕላስ 255 ነው። ከ00000000 ይጀምራል፣ ያ 0 ነው፤ 11111111 ላይ ያቆማል፣ ያ 255 ነው። ወለሎቹ ግን 256 ናቸው። ምድር ቤት የሚኖር ሰው አይቆጠርም ካላለ በስተቀር ጓደኛህ እዚህ ላይ እጅ ይሰጣል።

ጥያቄ፦ «ለደንበኞቼ ‹ሥራዎ አልቋል፣ መጥተው ይውሰዱ› ምናምን የሚል የስልክ መልእክት እልካለሁ። በእንግሊዝኛ ስጽፍ ረጅም ይሄድልኛል፣ በአማርኛ ሲሆን ግን ገና ትንሽ እንደጻፍኩ ሁለተኛ መልእክት ብሎ ይቆጥርብኛል። በፊደላችን ላይ አድልዎ ነው እንዴ?»
ኮምፒውተር ጽሕፈትና ፎቶኮፒ ቤት ያላት፣ ከፒያሳ

መልስ፦ እህቴ፣ አድልዎ የሚለውን በኋላ እንየው። መጀመሪያ ሒሳቡ። አንድ አጭር መልእክት 140 ባይት ነው የሚይዘው፣ ባይት 8 ቢት ስለሆነ 1,120 ቢት ማለት ነው። ዕቃው ይሄ ነው፣ አይሰፋም አይጠብም። ጥያቄው ለእያንዳንዱ ፊደል ስንት ቢት ይሰጠዋል የሚለው ነው።

የእንግሊዝኛ ፊደል ትልቁም ትንሹም፣ ቁጥሩም፣ ሥርዓተ ነጥቡም ተደምሮ በ128 ኮድ ይበቃዋል። 128 ማለት 2⁷ ነው። ስለዚህ 7 ቢት ለአንድ ፊደል። 1,120ን ለ7 ስታካፍዪ 160። ያ «ረጅም ይሄድልኛል» ያልሽው ነው።

ወደ እኛ ስንመጣ 33 ፊደል በ7 ቤት 231 ነው። 7 ቢት 128 ላይ ያልቅበታል፣ አይሆንም። 8 ቢት እንስጠው ብትዪ 256 አለ፣ 231ን ቢያስገባ 25 ቦታ ይተርፋል። ሃያ አምስት! የእንግሊዝኛ ትንንሽ ፊደሎች ብቻ 26 ናቸው፤ ዜድ ደጅ ልታድር ነው። ገና ሏ፣ ሟ፣ ቋ፣ ጓ አልገቡም። አራት ነጥብም፣ ነጠላ ሰረዝም፣ የግዕዝ ቁጥሮችም፣ ባዶው ቦታም አልገባም። ስለዚህ መልእክቱ ውስጥ የኛ ፊደል ሲታይ ስልኩ አሠራሩን ይቀይርና ለእያንዳንዱ ፊደል 16 ቢት ይመድባል። 1,120 ለ16፣ 70። እንግሊዝኛ እየጻፍሽ መሃል ላይ አንዲት «ሀ» ብታስገቢ እንኳን መልእክቱ በሙሉ ወደ 70 ይወርዳል። ከ70 አልፎ ሲከፈል ደግሞ ክፍልፋዮቹን መልሶ የሚያገጣጥመው መረጃ ቦታ ስለሚወስድ እያንዳንዱ ክፍል 67 ብቻ ይይዛል። በቃላት መሃል የምትተዪው ባዶ ቦታም እንደ ፊደል እንደሚቆጠር አትርሺ።

ግን በጣም አትዘኚ፣ ፊደላችን ቁጥብ ነው። «ሰላም» ሦስት ፊደል ነው፣ በላቲን ስትጽፊው አምስት ይፈጃል። 3 በ16 አርባ ስምንት ቢት፣ 5 በ7 ሠላሳ አምስት ቢት። እንበለጣለን፣ ግን መልእክቱን ስታዪው የሚመስለውን ያህል አይደለም።

አንቺ ጽሕፈት ቤት ስላለሽ የድሮውን ጣጣ ታውቂዋለሽ። ደንበኛ በፍላሽ የድሮ ሰነድ ይዞ ይመጣል፣ ስትከፍቺው የላቲን ፊደልና የምልክት ቆሻሻ ይሆናል፣ ፎንቱን ስትጭኚበት አማርኛው ይመለሳል። እሱም ከዚሁ ከ256 የመጣ ነው። ያኔ አንድ ፎንት የነበረው ቦታ ጥቂት ስለነበር የፎንት ሠሪዎቹ ፊደሎቻችንን በላቲኑ ወንበር ላይ አስቀመጡ። ኮምፒውተሩ የሚያውቀው የላቲን ፊደል መሆኑን ነው፣ አማርኛ የሚያስመስለው ፎንቱ ብቻ ነበር። አንዱ የሠራው ከሌላው ጋር አይግባባም። ይሄን ያህል ሰነድ የተሰቃየው ለጥቂት ቢት ነው ብል አላጋነንኩም።

ከዚያ በ1999 እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር የኢትዮጵያ ፊደል ዩኒኮድ ውስጥ ገባ (ለዓለም ፊደሎች ለእያንዳንዳቸው የየራሳቸውን ቁጥር የሚሰጥ የጋራ ሰንጠረዥ ነው)፣ 384 ቦታ ተሰጠው፣ በኋላም ሌሎች ተጨመሩለት። እዚህ ጋ ነው እኔ በጣም የምወደው ነገር ያለው፣ ታገሺኝ። ልጅ እያለን ግድግዳ ላይ የተለጠፈው ገበታ በየመስመሩ 7 ፊደል ነበረው። ዩኒኮድ ላይ ግን መስመሩ 8 ነው። ለምን? 8 የሁለት ርቢ ነው፣ 7 አይደለም። ሰባቱ ቤቶች ከገቡ በኋላ ስምንተኛዋ ወንበር ለሏ፣ ለሟ፣ ለሷ ዓይነቶቹ ተሰጠች፤ አንዳንድ መስመር ላይ ደግሞ ሆን ተብሎ ባዶ የተተዉ ወንበሮች አሉ።

በዚህ የተነሳ የፊደሉን ኮድ በባይነሪ ስትጽፊ የመጨረሻዎቹ ሦስት ቢቶች ቤቱን ይነግሩሻል። ሦስት ቢት ስምንት መልክ አለው ብለን የለ? 000 ግዕዝ፣ 001 ካዕብ፣ 010 ሣልስ፣ 011 ራብዕ፣ 100 ኃምስ፣ 101 ሳድስ፣ 110 ሳብዕ፣ 111 ስምንተኛዋ። ከጥቂት ፊደሎች በስተቀር በዚያ ሰንጠረዥ ላይ እንዲሁ ነው። ቢቶቹን ሳታዪም ይሠራል፣ ቁጥሩን ለ8 አካፍዪና ቀሪውን ተመልከቺ። ለምሳሌ «ቡና»። ቡ ቁጥሩ 4705 ነው፣ ለ8 ሲካፈል 1 ይተርፋል፣ ካዕብ። ና 4755 ነው፣ 3 ይተርፋል፣ ራብዕ። ኤክሴል ላይ ዩኒኮድ የሚባል ፈንክሽን አለ፣ ፊደሏን ስትሰጪው ቁጥሯን ይነግርሻል፤ ሥራ በቀዘቀዘበት ሰዓት በስምሽ ሞክሪው።

አድልዎ ያልሽው ላይ፦ የአጭር መልእክቱ ደረጃ ሲወጣ በእኛ ፊደል የሚጽፍ ሰው ያሰቡ አይመስለኝም። የኔ ግምት ነው። ሒሳቡ ግን ለማንም አያዳላም፣ 231 ነገር በ7 ቢት አይገባም።

ጥያቄ፦ «ባለ 16 ጂቢ ፍላሽ ገዛሁ። ቤት ወስጄ ስሰካው ኮምፒውተሩ 14.9 ይለኛል። ምንም ሳልጭንበት! መልሼ ልወስድለት ነው፣ ልጄ ግን ‹ተወው አባዬ› ይለኛል። ተሸውጄ ነው?»
ጡረተኛ፣ ከአምባሳደር አካባቢ

መልስ፦ አባቴ፣ ልጅዎ ልክ ነው፣ አይድከሙ። አንድ ዓይነት ጤፍ በሁለት ዓይነት ቁና ተሰፍሮ ነው። ፍላሹን የሠራው ፋብሪካ አንድ ጊጋ የሚለው ድፍን 1,000,000,000 ባይት ነው። የእርስዎ ኮምፒውተር ግን፣ ዊንዶውስ ከሆነ፣ ጊጋ የሚለው 2³⁰ን ነው፣ ማለትም 1,073,741,824። ትልቅ ቁና። 16 ቢሊዮኑን በትልቁ ቁና ሲሰፍሩት 14.9 ይወጣል። አንድ ባይት አልተሰረቀብዎትም። እንዲያውም አታላይ ፍላሽ ብዙውን ጊዜ የተጻፈበትን ወይም ከዚያ በላይ ያሳያል፣ ጉዱ የሚታወቀው ዕቃ ሲጫንበት ነው። የእርስዎ 14.9 ማለቱ ጥሩ ምልክት ነው።

ጥያቄ፦ «0 እና 00 ሁለቱም ዜሮ ናቸው። ታዲያ ለምን እንደ ሁለት ኮድ ይቆጠራሉ?»
የስምንተኛ ክፍል ተማሪ፣ ከለገሃር

መልስ፦ ልጄ፣ ከደረሱኝ ጥያቄዎች ሁሉ አጭሩም ጎበዙም ያንተ ነው። እንደ ቁጥር ካየሃቸው አንድ ናቸው። እንደ ኮድ ካየሃቸው አይደሉም። የእናትህን ስልክ ስትደውል ፊት ላይ ያለችውን ዜሮ «ዜሮ ምንም ናት» ብለህ ዝለላትና እስቲ ይጠራ እንደሆነ እይ።

ግን ከአንድ ነገር ተጠንቀቅ። «ባለ 3 ቦታ ኮድ ስንት ነው?» ከተባልክ 8 ነው፣ አለቀ። «እስከ 3 ቦታ ያሉት ስንት ናቸው?» ከተባልክ ግን ባለ አንዱንም ባለ ሁለቱንም መቁጠር አለብህ፦ 2 ሲደመር 4 ሲደመር 8፣ 14። ሁልጊዜ ከሚቀጥለው እጥፍ፣ እዚህ ከ16፣ በ2 ያንሳል። ድሮ ቴሌግራም የሚላክበት የሞርስ ኮድ እንደዚህ ነው፣ ነጥብና ሰረዝ ብቻ ነው ያለው፣ እስከ 4 ምልክት ድረስ ስትቆጥር 30 ኮድ ይወጣል፣ ለ26ቱ የእንግሊዝኛ ፊደሎች በቃ። ችግሩ ርዝመታቸው ስለሚለያይ በመሃላቸው ዝም ማለት ያስፈልጋል፣ ካለዚያ የቱ የት እንዳለቀ አይታወቅም። ኮምፒውተር ብዙ ጊዜ ሁሉንም እኩል ርዝመት የሚያደርገው ለዚህ ነው፣ ስምንት ስምንት እየቆጠረ ይቆርጣል።

ዓይነ ሥውራን የሚያነቡበትን ብሬል አይተህ ከሆነ እሱም የኛው ዘመድ ነው። አንዱ ፊደል 6 ነጥቦች የሚቀመጡበት ቦታ አለው፣ እያንዳንዱ ቦታ ወይ አብጧል ወይ ለጥ ብሏል። 2⁶፣ 64። ምንም ያላበጠው በጣት ስለማይዳሰስ ለክፍት ቦታ ይቀራል፣ ለሥራ 63 ይተርፋል። ሉዊ ብሬል ይሄን ያሳተመው በ1829 እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው፣ ኮምፒውተር የሚባል ነገር ሳይኖር። እሱም ያንተን ጥያቄ ጠይቆ መሆን አለበት፣ «ባዶው ይቆጠራል ወይስ አይቆጠርም?» ብሎ።

ጥያቄ፦ «ቤቲንግ እቆርጣለሁ። 10 ጌም ኦቨር አንደር ስይዝ ሁሌ አንድ ጌም ያቃጥለኛል። አንድ ጓደኛዬ ‹ሁሉንም አማራጭ ቆርጠህ ብትገባ አንዱ የግድ ይመታል› አለኝ። 20 ቲኬት መሰለኝ፣ ልክ ነኝ?»
ከሜክሲኮ

መልስ፦ 20 ያልከው ከአራት ኪሎው ልጅ 16 ጋር አንድ ስህተት ነው። አሥር ጌም፣ እያንዳንዱ ኦቨር (ጎሉ ከተባለው ቁጥር ይበልጣል) ወይም አንደር (ያንሳል)፣ 2¹⁰፣ 1,024 ቲኬት። ጓደኛህ ያለው እውነት ነው፣ ከ1,024ቱ አንዱ የግድ ይመታል። አንዱን በ10 ብር ብትቆርጥ 10,240 ብር አወጣህ ማለት ነው።

ስንት ትቀበላለህ? በሁለቱም በኩል ኦዱ፣ ማለትም ሲመታ ብርህ የሚባዛበት ቁጥር፣ 2.00 ቢሆን ኖሮ የመታው ቲኬት 10 ብሩን በ1,024 ያባዛልህና 10,240 ብርህን ትመልሳለህ። ሳታተርፍ ሳትከስር። ኦዱ ግን 2.00 አይሆንም፣ ቤቱ የራሱን ይቆርጣል። ለምሳሌ ሁሉም 1.85 ነው እንበል። 1.85ን አሥር ጊዜ ስታባዛው 470 አይሞላም። 4,700 ብር የማትሞላ ይዘህ ትወጣለህ፣ ያውም ሁሉንም ቲኬት ይዘህ፣ ያውም አንዱ በእርግጠኝነት መትቶልህ። አሥር ጊዜ ሲባዛ የምታድገው ያንተ 2 ብቻ አይደለችም፣ ከ2 የጎደለችው 0.15ም አብራ ትረባለች።

አሸናፊና አቻ ያለበትን ልያዝ ካልክ ደግሞ ምርጫው ሦስት ስለሆነ ከታች ያለው ቁጥር 2 መሆኑ ይቀርና 3 ይሆናል፤ 3¹⁰፣ 59,049 ቲኬት። በዚያ ላይ ጊዜው አለ። አንዱን ቲኬት በግማሽ ደቂቃ ብትሞላ የኦቨር አንደሩ 1,024 ብቻ ከስምንት ሰዓት ተኩል በላይ ይፈጃል። ሦስት ምርጫ ያለው ሌት ተቀን ሳትተኛ ሃያ ቀን ከግማሽ ይወስዳል። ጌሞቹ ግን ቅዳሜ ናቸው።